ጀበናን በከሰል መሳል፦ ከሰሉን ከማክሰል ጀምሮ

ቡና ተፈልቶ ካበቃ በኋላ ማንደጃው ውስጥ የቀረችውን የከሰል ቁራጭ አንስቶ ግድግዳ ላይ ያልሞነጫጨረ ልጅ ያለ አይመስለኝም። እኔ ሞነጫጭሬያለሁ። ተቆንጥጬበታለሁም። ካደግኩ በኋላ ደግሞ ያንኑ የቡና ከሰል ይዤ፣ በዚህኛው ጊዜ ግን ደህና ወረቀት ላይ፣ ለመሳል ሞከርኩ። ወረቀቱን እንደ ድመት ቧጠጠው። የተወልኝ ጥቁረት ሳይሆን ግራጫ ጭረት ነበር።

ጥፋቱ የከሰሉ አይደለም። የገበያ ከሰል ብዙውን ጊዜ የሚከስለው ከግራርና ከመሳሰሉት ጠንካራ እንጨቶች ነው። ለቡና የምንወደው በጥንካሬው ነው፤ ቶሎ አያልቅም። ለሥዕል የሚፈለገው ደግሞ ተቃራኒው ነው። ገና ሲነኩት ጣት የሚያጠቁር፣ ሳይጫኑት ዱቄቱን የሚያራግፍ ለስላሳ ከሰል።

ስለዚህ ከእንጨቱ እንጀምር። ከሰሉን ራሳችን እናከስላለን፣ ከዚያ አንድ ጀበናና አንድ ሲኒ እንስልበታለን። ይህን ዕቃ ከኛ በፊት የያዙ ሰዎችንም በየመንገዱ አነሳለሁ፤ ለወሬ ማድመቂያ ሳይሆን እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ዘዴ ስላስተማሩኝ ነው። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከሁሉ በፊት ግን አንድ ነገር ልበል። ከሰል ወረቀት ላይ አይጣበቅም። የብራና ጸሐፍቶቻችን ጥቁር ቀለማቸውን ከጥላሸት ሲያዘጋጁ ከሌላ ነገር ጋር አዋህደው ነው፤ ስለዚህ ብራናውን ይዞ ስንት መቶ ዓመት ይቆያል። የሥዕል ከሰል ውስጥ ግን ምንም ማጣበቂያ የለም። ዱቄቱ የወረቀቱ ሻካራ ገጽ ላይ ዝም ብሎ ተቀምጧል፣ በቃ። ጀማሪ ይሄንን ሲያይ «ይለቃል፣ ይበላሻል» ብሎ ይሸሻል። እኔ ደግሞ ከሰልን የምወደው በዚሁ ነው። የሚለቅ ነገር ላይ ስህተት ርካሽ ነው። የሠራችሁትን በጨርቅ ጠረግ አድርጋችሁ እንደገና ትጀምራላችሁ። ከታች ያለው ደረጃ ሁሉ የቆመው በዚህች መልቀቅ ላይ ነው።

1. እንጨቱ

በአውሮፓ ለዘመናት የተመረጠው የአኻያ ቅርንጫፍ ነው። አኻያ እኛም አገር በወንዝ ዳር ይበቅላል። ዳዊት የሚደግም ሰው ስሙን ያውቀዋል፤ በባቢሎን ወንዞች ዳር መሰንቆ የተሰቀለበት ዛፍ ነው። ሌላው የሚወደደው የወይን ሐረግ ነው። ግቢያችሁ ውስጥ ወይን ካላችሁ ስትከረክሙት የሚወድቀውን አትጣሉት። የአኻያ ከሰል ጠቆር ይላል፣ የወይኑ ደግሞ ትንሽ ግራጫ ያለበትና ቀለል ያለ ነው።

ሁለቱንም ካላገኛችሁ አትጨነቁ። ቀጥ ያለና ለስላሳ እንጨት ያለው ማንኛውም ቀጭን ቅርንጫፍ ይሞከራል። አንዱ ይሳካል፣ አንዱ ይሰባበራል፤ ሁለት ሦስት ዓይነት ቀላቅሎ ማክሰልና ማወዳደር ነው።

ውፍረቱ ከእርሳስ እስከ ትንሿ ጣት ይሁን። ሲከስል ስለሚኮማተር ከምትፈልጉት ወፈር አድርጋችሁ ምረጡ። ቅርፊቱን ላጡት። ከዚያ ጥላ ቦታ አስቀምጣችሁ በደንብ እስኪደርቅ ጠብቁ። እርጥብ እንጨት እንፋሎቱ መውጫ ሲያጣ ይሰነጠቃል።

2. ማክሰሉ

በ1400 ገደማ ቼኒኖ ቼኒኒ የሚባል ጣሊያናዊ ሠዓሊ ለሙያው ሰዎች የጻፈው መመሪያ አለ። የከሰል አሠራሩን ሳነበው ሳቄ መጣ፣ የሰፈር ወግ ነው የሚመስለው። የአኻያ እንጨቶቹን እሰር፣ ድስት ውስጥ ክተት፣ አየር እንዳይገባ በጭቃ ምረገው። ከዚያ ማታ ዳቦ ጋጋሪው ሥራውን ሲጨርስ ሂድና ምድጃው ውስጥ አስገባው፤ እስከ ጠዋት ይደር። ጠዋት ሄደህ እየው፤ ካልበሰለ መልሰው ይላል። ከስድስት መቶ ዓመት በኋላ የምንሠራውም ይሄንኑ ነው፤ ልዩነቱ ድስቱ የዱቄት ወተት ቆርቆሮ መሆኑ ነው።

ክዳኑ ገጥሞ የሚዘጋ ባዶ ቆርቆሮ አዘጋጁ። መጀመሪያ ባዶውን እሳት ላይ ጣሉትና የውጪው ቀለም ተቃጥሎ ይለቅ። ክዳኑን በምስማር አንድ ቦታ ብቻ ብሱት። ይህች ቀዳዳ መርሳት የሌለባችሁ ነገር ናት። እንጨቱ ሲሞቅ ጋዝ ይወጣዋል፤ መውጫ ካላገኘ ክዳኑን ፈንቅሎ ይበራል።

እንጨቶቹን በቆርቆሮው ቁመት ልክ ቆርጣችሁ ጥቅጥቅ አድርጋችሁ አቁሙ። በመካከላቸው ብዙ ባዶ ቦታ ካለ አየር አለ ማለት ነው። አየር ካለ ደግሞ የሚገኘው አመድ ነው።

አሁን ቆርቆሮውን ደህና ፍም ላይ አስቀምጡና ዙሪያውንም ፍም አልብሱት። ውጪ፣ ሜዳ ላይ ይሁን። የከሰል ጭስ በተዘጋ ቤት ምን እንደሚያደርግ እኛ አገር መንገር አያስፈልግም። በውጭ አገር በአፓርታማ የምትኖሩ ደግሞ በረንዳ ላይ አትሞክሩት፤ እንጨቱ ከመክሰሉ በፊት የእሳት አደጋ መኪናው ይደርሳል። እናንተ የሥዕል ዕቃ መሸጫ ሄዳችሁ «ዊሎው» ወይም «ቫይን» የሚል የተጻፈበትን ግዙ። የመጀመሪያው አኻያ፣ ሁለተኛው ወይን ነው። ከዚያ በቀጥታ ወደ 3ኛው ደረጃ እለፉ።

ቀዳዳዋን እያያችሁ ቁጭ በሉ። መጀመሪያ ነጭ እንፋሎት ይወጣል፤ የእንጨቱ ውኃ ነው። ቀጥሎ ጭሱ ወፍሮ ቢጫ ይሆናል፣ ይሸታል፣ አንዳንዴም ቀዳዳዋ አፍ ላይ እንደ ሻማ ይነዳል። አትደንግጡ። ከዚያ ጭሱ እየሳሳ ሄዶ ይቆማል። ጭስ ቆመ ማለት ከሰለ ማለት ነው። እንደ እሳቱ ኃይልና እንደ ቆርቆሮው መጠን አንድ ሰዓትም ከዚያ በላይም ሊፈጅ ይችላል። ዓይናችሁ ጭሱ ላይ ይሁን እንጂ ሰዓት አትመኑ።

ቆርቆሮውን በጉጠት አውጡ። ቀዳዳዋን ወዲያው በጭቃ ወይም በእርጥብ አፈር ድፈኑ። ከዚህ በኋላ ሥራው መታገስ ብቻ ነው። የመጀመሪያ ቀን እኔ አልታገስኩም። «ልየው እስቲ» ብዬ ትኩሱን ከፈትኩት። እንጨቶቹ ጥቁር፣ ቀጥ ያሉ፣ ያማሩ ነበሩ፤ ለአሥር ሰከንድ ያህል። አየር ሲያገኙ ፍም ሆኑ፣ ፍሙ ዓይኔ እያየ አመድ ሆነ። አሁን ማታ አከስልና ጠዋት ነው የምከፍተው።

ሲቀዘቅዝ አንዱን አውጥታችሁ ስበሩት። ቀጭ ብሎ ከተሰበረና ውስጡ ድረስ ጥቁር ከሆነ ተሳክቷል። ውስጡ ቡናማ ከሆነ አልበሰለም፣ ወረቀት ይቧጥጣል፤ መልሳችሁ አክስሉት። ገና ስትይዙት የሚፈራርስ ከሆነ አልፎበታል። እሱንም አትጣሉት፣ ፈጭታችሁ በብልቃጥ አኑሩት፤ ዱቄቱ በኋላ ይጠቅማል።

3. ወረቀትና የቀረው ዕቃ

ለስላሳ የፎቶኮፒ ወረቀት አይሆንም። ከሰል የሚያርፍበት ሻካራ ነገር ይፈልጋል። የሥዕል ወረቀት ስትገዙ ገጹን በጣታችሁ ዳብሱት፤ ትንሽ ሻከር ካለ ጥሩ ነው። ለመለማመጃ ግን ካኪ ወረቀት የሚያክል የለም። ርካሽ ነው፣ ትልቅ ነው፣ ቀለሙም ራሱ ግማሹን ሥራ ይሠራላችኋል። ቡናማው እንደ መካከለኛ ጥላ ያገለግላል፤ ጥቁሩን በከሰል፣ ነጩን በጠመኔ ትጨምራላችሁ። አዎ፣ የሰሌዳ ጠመኔ። ለቁም ነገር ሥራ ነጭ ፓስቴል ይሻላል፣ ለልምምድ ግን ጠመኔ ይበቃል።

የቀረው ቤት ውስጥ ያለ ነገር ነው። አሮጌ የጥጥ ጨርቅ፣ ደረቅ የቀለም ብሩሽ፣ የተጠቀለለ ወረቀት፣ ላጲስ። እንደ ሊጥ የሚታሽ ግራጫ ላጲስ ካገኛችሁ ግዙት፤ ወረቀቱን ሳይፍቅ ዱቄቱን ለቅሞ ያነሳል። ካጣችሁ ዳቦ አለ። የጎማ ላጲስ የመጣው በ1770ዎቹ ነው፤ ከዚያ በፊት ሠዓሊዎች የሚያጠፉት በዳቦ ነበር። ቅርፊቱን ተዉትና የመሃሉን ለስላሳ በጣታችሁ ጨምቃችሁ ወረቀቱን ነካ ነካ አድርጉበት። ትኩስና ዘይት የሌለው ዳቦ ይሁን። ዘይት ወረቀቱ ላይ ካረፈ መቼም አይለቅም። ስትጨርሱ ፍርፋሪውን በብሩሽ አራግፉ፤ ጉንዳን ሥዕል አይመርጥም። ቼኒኒ ደግሞ ከሰሉን የሚያራግፈው በላባ ነበር። ሞክሬዋለሁ፣ የዶሮ ላባ ከጨርቅ የበለጠ ገር ነው።

ሰሌዳ ወይም ጠፍጣፋ ጣውላ ፈልጉና ወረቀቱን ላዩ ላይ ለጥፉ። ጣውላው ይቁም፣ ወንበር ላይ አስደግፉት። ጠረጴዛ ላይ ተኝቶ ሲሳል ሁለት ችግር አለ፦ ዱቄቱ እዚያው ይከማቻል፣ ዓይናችሁም ወረቀቱን በሰያፍ ስለሚያየው ልኩ ይጣመማል።

4. እጅ

እንደ እስክሪብቶ አትያዙት። እስክሪብቶ የሚያዘው ለፊደል ነው፣ የሚንቀሳቀሰውም ጣት ብቻ ነው። ከሰሉን በአውራ ጣትና በሌሎቹ ጣቶች መካከል ከላይ ያዙት፣ መዳፋችሁ ወደ ወረቀቱ ይዙር። እንቅስቃሴው ከትከሻ ይምጣ። መጀመሪያ ግራ ይላል። ግማሽ ሰዓት ዝም ብላችሁ ክብና ቀጥ ያለ መስመር ስሩ፣ ይለመዳል።

ከሰል ሁለት ዕቃ ነው፤ ጫፉ መስመር ይሰጣል፣ ጎኑ ሰፊ ጥላ። ይህንን በአንድ ሥዕል ላይ ማየት ለሚፈልግ የጀርመናዊቷን የኬተ ኮልቪትስን የ1933 ሥዕል እመክራለሁ። በዚያ ዓመት ናዚዎች ከፕሩሲያ የሥነ ጥበብ አካዳሚ አስወጥተዋታል። ሥዕሉ ራሷ ስትስል በጎን ያሳያታል፣ ወረቀቱም እንደ ካኪ ቡናማ ነው። ፊቷና ከሰሉን የያዘችበት እጇ በጥንቃቄ ተሠርተዋል። በሁለቱ መካከል ያለው ክንድ ግን ክንድ አይደለም። በከሰሉ ጎን በኃይል የተሳበ ወፍራም ዚግዛግ ነው፤ እጅጌ የለ፣ ክርን የለ። ሆኖም የሚሠራ ክንድ እንደሆነ ማንም ያያል። አሁን ዋሽንግተን ብሔራዊ የሥዕል ማዕከል ውስጥ ነው ያለው፤ እዚያ አካባቢ ያላችሁ የሐበሻ ልጆች ጠይቁት፣ መግቢያው ነፃ ነው።

5. ጀበናውን ማስቀመጥ

ለምን ጀበና? ጥቁር ነው፣ አያብረቀርቅም፣ ቅርጹ ሆድም አንገትም እጀታም አለው። ከአጠገቡ ነጭ ሲኒ ሲቀመጥ ደግሞ ከጥቁር እስከ ነጭ ያለው መንገድ ሁሉ ተገኘ ማለት ነው። ከተቀመጠበት የማይነቃነቅ መሆኑም ቀላል ነገር አይደለም፤ ሰው መሳል የጀመረ ሰው ያውቀዋል።

ጀበናውን ማቶቱ ላይ አስቀምጡ። ሲኒውን ትንሽ ወደ ፊት፣ በከፊል ጀበናው ፊት እንዲሆን አድርጉ። ብርሃኑ ከአንድ ጎን ብቻ ይምጣ። መስኮት ካለ የጣሪያውን አምፖል አጥፉ። ሁለት ብርሃን ሁለት ጥላ ይሰጣል፣ ሁለት ጥላ ጀማሪን ያደናግራል።

6. ወረቀቱን ማጠየም

ነጭ ወረቀት ከሆነ የያዛችሁት፣ መጀመሪያ ነጩን ግደሉት። የከሰሉን ጎን ወረቀቱ ላይ በሙሉ ቀለል አድርጋችሁ አስኪዱ ወይም ያስቀመጣችሁትን ዱቄት በትኑበት። ከዚያ በጨርቅ ክብ ክብ እያደረጋችሁ አሹት። ወረቀቱ እንደ ደመናማ ሰማይ ግራጫ ይሆናል።

ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ። ነጭ ወረቀት ላይ የሚሠራ ሰው ሁሌም የሚጨምረው ጨለማ ነው፣ ብርሃን መጨመር አይችልም። ግራጫ ላይ የሚሠራ ግን በሁለቱም በኩል መሄድ ይችላል፤ ከሰል ሲጨምር ይጨልማል፣ በላጲስ ሲያነሳ ይበራል። ከሰል አይጣበቅም ያልኩት ጥቅሙ እዚህ ነው። ላጲሱ ማጥፊያ መሆኑ ይቀርና መሳያ ይሆናል።

ካኪ የያዛችሁ ይሄንን ዝለሉት፣ ወረቀታችሁ ተጠይሞ ነው የተወለደው።

7. ልኩ

አንድ ዓይን ጨፍኑ፣ ክንዳችሁን እስከ መጨረሻ ዘርጉ፣ ከሰሉን እንደ መለኪያ ያዙ። የጀበናው ሆድ ስፋት ስንት ነው? የአንገቱስ ቁመት? አንዱ በሌላው ውስጥ ስንት ጊዜ ይገባል? ሁሉም ሰው አንገቱን ከልኩ በላይ ያስረዝማል፤ እኔም እስከ ዛሬ። ክንዱ ሁልጊዜ እስከ መጨረሻ መዘርጋቱን አትርሱ፣ ከታጠፈ ልኩ ይቀያየራል።

መቆም መውደቁን ለማወቅ ደግሞ ግንበኛ የሚሠራበት ቱምቢ ይበቃል። ክር ላይ ቁልፍ አንጠልጥላችሁ ከፊት ለፊታችሁ ያዙት። የአንገቱ መሃል ከሆዱ መሃል በላይ በቀጥታ ነው ወይስ ጋደል ብሏል? በእጅ የተሠራ ጀበና ብዙ ጊዜ ጋደል ይላል፤ እንደዚያው ሳሉት።

መጀመሪያ የምትስሉት በቀጥታ መስመር ይሁን። ክቡን በክብ አትጀምሩት። ሆዱን በስድስት ሰባት ቀጥ ያሉ ቁርጥራጮች ክበቡት፤ ጠርዙ የት ላይ እንደሚታጠፍ ያኔ ይታያችኋል። መስመሩ ቀለል ይበል። ሲሳሳት በጨርቅ ነካ አድርጋችሁ መልሱት። የቀረው የጥፋት ጥላ ቢታይም አይጨንቃችሁ። ደቡብ አፍሪካዊው ዊሊያም ኬንትሪጅ በዚህ ጥላ ነው ስሙን የተከለው። አንድ የከሰል ሥዕል ይስላል፣ በካሜራ ያነሳዋል፣ ጥቂቱን አጥፍቶ ይቀይራል፣ እንደገና ያነሳዋል። በ1989 የጀመራቸው የጆሃንስበርግ አኒሜሽኖቹ እንዲህ ነው የተሠሩት። ሥዕሉ ውስጥ ያለው ሰው ሲራመድ የበፊት እርምጃው ጥቁር ጥላ ሆኖ ከኋላው ይቀራል። ሊያጠፋው ቢሞክርም ሙሉ በሙሉ አልጠፋለት ሲል ተወው፣ ሥራው ራሱ ያ ሆነ።

8. ጥላና ብርሃን መለየት

ዓይናችሁን ጨፈን አድርጋችሁ እዩ። ዝርዝሩ ይጠፋና ሁለት ነገር ብቻ ይቀራል፣ ብርሃን ያለበትና የሌለበት። ብርሃን የሌለበትን ሁሉ በከሰሉ ጎን አንድ ዓይነት አድርጋችሁ ሙሉ። የጀበናው ጥላ ጎን፣ የእጀታው ሥር፣ መሬት ላይ የወደቀው ጥላ፣ ሁሉም አንድ ላይ ይያያዝ። በዚህ ደረጃ ጀበናው የት አልቆ ጥላው የት እንደሚጀምር ባይታወቅ እሰየው።

ከዚያ ላጲሱን ወይም ዳቦውን ያዙና ብርሃኑን አንሱ። ከሲኒው ጀምሩ፣ ነጩ እሱ ነው። ቀጥሎ የጀበናውን ብርሃን ያለበት ጎን፣ ግን ትንሽ ብቻ። እዚህ ብዙ ሰው ይሳሳታል። ብርሃን የመታው ጥቁር ጀበና ጥላ ውስጥ ካለ ነጭ ሲኒ የበለጠ የጠቆረ ሊሆን ይችላል። የምታውቁትን ትታችሁ የምታዩትን አወዳድሩ።

9. ማለስለስና አለማለስለስ

በደቡብ ፈረንሳይ ሾቬ የሚባል ዋሻ አለ። በታኅሣሥ 1994 ሦስት ሰዎች አገኙት። ግድግዳው ላይ ፈረሶች፣ አንበሶችና አውራሪሶች በከሰል ተስለዋል፤ የጥድ ዘር ከሆነ እንጨት የከሰለ ነው፣ ዕድሜውም ከ30 ሺህ ዓመት በላይ። የገረመኝ ዕድሜው ብቻ አይደለም። የፈረሶቹን ግድግዳ የሳለው ሰው መጀመሪያ ድንጋዩን ፍቆ ነጩን አውጥቷል። ከዚያ ከሰሉን በእጁ እያሸ የፈረሶቹን ጭንቅላት አድቡልቡሎታል። ወረቀቱን አዘጋጀ፣ ጥላውን አለሰለሰ፤ እኛ አሁን የምንሠራውን ሠራ ማለት ነው። የሚለቅ ከሰል ይህን ያህል የቆየው ዋሻው ተዘግቶ ማንም ስላልነካው ነው። ዛሬም ለጎብኚ ዝግ ነው፤ ሰው የሚያየው በ2015 አጠገቡ የተከፈተውን አምሳያውን ነው።

ለማለስለስ ጨርቅ፣ ደረቅ ብሩሽ ወይም የተጠቀለለ ወረቀት ተጠቀሙ። ጣት ይቻላል፣ ግን ጣት ወዝ አለው፤ ወዙ ያረፈበት ቦታ ከሰሉ ይለጠፍና በኋላ አይነሳም። ስታሹ ቅርጹን ተከተሉ፣ ሆዱ ላይ እንደ ሆዱ ዞር፣ አንገቱ ላይ ወደ ላይና ወደ ታች።

እና አታብዙት። እያሹ መኖር ደስ ይላል፣ ሱስ ነገር አለው። በመጨረሻ ግን ሥዕሉ ጭስ የገባበት መስታወት ይመስላል። መድኃኒቱ የጀርመናዊውን ሠዓሊ የአልብሬሽት ዱረርን እናት ማየት ነው። ዱረር በመጋቢት 1514 እናቱን ባርባራን በከሰል ሳላት። 63 ዓመቷ ነበር፣ 18 ልጅ ወልዳለች። ከሁለት ወር በኋላ ሞተች። ሥዕሉ በርሊን ነው ያለው። ለስላሳ ጥላ የሚባል ነገር የለበትም ማለት ይቻላል፤ መስመር ነው። የግንባር መስመር፣ የጉንጭ አጥንት መስመር፣ የአንገት ጅማት መስመር። አንዱንም አላባበለም። እኔ ሥዕሌ ሲጨማለቅብኝ ጨርቁን አስቀምጬ በጫፉ ብቻ አሥር መስመር እጨምራለሁ፤ ነፍስ ይዘራል።

10. ጠርዝና መጨረሻው ጥቁር

አሁን ጠርዞቹን አንድ በአንድ ተመልከቱ። ብርሃን ላይ ያለው ጠርዝ ጥርት ይበል። ጥላ ውስጥ ያለው ይጥፋ። ዙሪያውን በአንድ ዓይነት ጥቁር መስመር ከከበባችሁት ጀበናው ከወረቀት ተቆርጦ የተለጠፈ ይመስላል።

በጥላው ጎን ሆዱን በደንብ ካያችሁት ጠርዙ አካባቢ ትንሽ ፈካ ይላል። ጠረጴዛው ላይ ያረፈው ብርሃን ተመልሶ ነው። በላጲስ በጣም ቀለል አድርጋችሁ አንሱት። ብርሃን ካለበት ጎን ጋር እኩል እንዳይሆን ብቻ።

ከሁሉ የጠቆረው መጨረሻ ይመጣል። ከአፉ ውስጥ፣ ከእጀታው ሥር፣ ጀበናው ማቶቱን የሚነካበት ቀጭን ስንጥቅ። ሦስት አራት ቦታ ይበቃል። የአኻያ ከሰል ለዚህ ካልጠቆረላችሁ የተጨመቀ ከሰል የሚባል ይሸጣል። ዱቄቱ በማጣበቂያ የተጋገረ ነው፣ ድቅድቅ ጥቁር ነው። ግን እንደ ጥላሸቱ ቀለም እሱም ይይዛል፣ በጨርቅ አይለቅም። ስለዚህ በመጀመሪያ አትንኩት።

ጥቁሩ ካለቀ በኋላ ሊጥ ላጲሱን እንደ መርፌ አሹሉና የሲኒው ከንፈር ላይ አንዴ ብቻ ነካ አድርጉ። ካኪ ላይ ከሆናችሁ ጠመኔውን። አንዴ ብቻ።

በየመካከሉ ተነሱና አምስት እርምጃ ወደ ኋላ ሄዳችሁ እዩት። ዱቄቱን በአፋችሁ እፍ አትበሉ፤ ምራቅ ይፈናጠርና የማይለቅ ነጠብጣብ ይተዋል፣ ዱቄቱም ሳንባችሁ ይገባል። ጣውላውን ከኋላ ጠብ ጠብ አድርጉት። የምትስሉበት እጅ ሥር ንጹሕ ወረቀት አድርጉ፣ ክርናችሁ የሠራችሁትን እንዳይጠርገው።

መቼ ላቁም ለሚለው፣ ለንደን ብሔራዊ የሥዕል ማዕከል ውስጥ ሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ በ1500 ገደማ በከሰልና በጠመኔ የሳላት ማርያም ከእናቷ ከሐና ጋር አለች። ስምንት ወረቀት ተለጣጥፎ የተሠራ ትልቅ ሥዕል ነው። የሁለቱ ሴቶች ፊት እስከ መጨረሻው ለስልሷል። ሐና ወደ ሰማይ የምትጠቁምበት እጅ ግን ባዶ መስመር ነው፤ አልሞላውም። ጀበናው ካማረላችሁ ረከቦቱን የግድ አትጨርሱት።

11. ማስያዝ

ከሰሉ እንዳይለቅ የሚረጭ ነገር ይሸጣል፣ ፊክሳቲቭ ይባላል። ውጪ ወጥታችሁ፣ ከክንድ ርቀት፣ ከጎን ወደ ጎን እያስኬዳችሁ ቀለል አድርጋችሁ ርጩ። ይድረቅ፣ ከዚያ ሁለተኛ። አንዴ በብዛት ከረጫችሁት ከሰሉ ይርስና ይጠቁራል፣ ለስላሳው ግራጫም ይጠፋል። የፀጉር ስፕሬይ ተማሪ ሁሉ የሚሞክረው ነው፤ ይይዛል፣ ግን ውሎ አድሮ ወረቀቱን ሊያበልዘው ይችላል። ለልምምድ ወረቀት እሺ፣ ለስጦታ አይሆንም። ቫን ጎግ በእርሳስ ሥዕሎቹ ላይ ወተትና ውኃ ያፈስ ነበር። እኔ አልሞከርኩትም፣ ወተቱ ለማኪያቶ ይሻለኛል።

ፍሬም ውስጥ ካስገባችሁት መስታወት ይሁን እንጂ ፕላስቲክ አይሁን። ፕላስቲክ ሲወለወል ዱቄቱን ወደ ራሱ ይስባል። መስታወቱም ሥዕሉን መንካት የለበትም፤ ዙሪያውን ወፍራም ካርቶን አድርጋችሁ አራርቁት።

ሥዕሉን ካልወደዳችሁት ግን አትርጩ፣ አትቅደዱትም። ጨርቁን አንሱና ከላይ እስከ ታች ጥረጉት። የሚቀረው ግራጫ ለ6ኛው ደረጃ ልክ ነው። ጀበናውም እዚያው ማቶቱ ላይ አለ።